የጣናን ዳር በእግር ስለ መጎብኘት

ሰው ያገሩን መልክ የሚያውቅበት መንገድ ብዙ ነው። አንዱ በመጽሐፍ ያውቀዋል፤ ሌላው ከአውሮፕላን ቁልቁል ተመልክቶ ወንዙንና ተራራውን ለይቶ ያልፋል፤ አብዛኛው የተማረ ወጣት ግን ያገሩን ገጠር የሚያየው ከአውቶቡስ መስኮት ነው። መንገዱ የሚያልፍበትን ያያል፤ መንገዱ የማያልፍበት አገር ሁሉ ለእርሱ እንደሌለ ይቆጠራል። ይህ ለተማሪ ጉድለት ነው፤ ነገ ስለ ገጠሩ ሕዝብ መሬት፣ ስለ ውኃውና ስለ ትምህርት ቤቱ በወረቀት ላይ ለሚወስን ወጣት ሹም ግን ከጉድለትም የከፋ ነው። ስለዚህ ዛሬ በዚህ ገጽ የምናነሣው ጉዳይ ጥቂት ሰዎች ሆኖ፣ በእግርና በብስክሌት፣ ከሕዝቡ ጋር እየዋሉና እያደሩ አገርን ስለ መጎብኘት ነው። ቦታውም ባሕር ዳርና የጣና ዳር ነው።

በሌላው ዓለም ይህ ዓይነት ጉብኝት ከተለመደ ሰንብቷል። በቬትናም አገር ከሃኖይ ከተማ ወደ ደቡብ ምዕራብ በተራሮች መካከል ማይ ቻው የሚባል ሸለቆ አለ፤ ነዋሪዎቹም የነጭ ታይ ነገድ ገበሬዎች ናቸው። ወደዚያ የሚሄደው እንግዳ በእንጨት ምሰሶ ላይ ከፍ ተደርጎ በተሠራው የገበሬ ቤት ውስጥ ፍራሽ ተነጥፎለት ያድራል፤ ጧት ተነሥቶ በሩዝ ማሳዎች መካከል በብስክሌት ይዞራል፤ የቤቱ እመቤት የሸመነችውንም ጨርቅ ከራሷ እጅ ይገዛል። ያ አገር እስከ 1967 ዓ.ም. ድረስ በጦርነት ሲነድ የነበረ አገር መሆኑን ማስታወስ ይገባል። ይህንን የምናነሣው የሰው አገር ለማድነቅ ሳይሆን፣ በዚያ ያለው ሁሉ በእኛም ዘንድ ስላለ ነው፤ ሩዙ እንኳ ሳይቀር አለ፤ ወደ እርሱ ኋላ እንመለሳለን።

ባገራችንም ቢሆን ነገሩ ተሞክሯል። በሰሜን ወሎ በመቄት ወረዳ በ1990ዎቹ አጋማሽ ገበሬዎች ተሰባስበው በገደሉ አፋፍ ላይ ለእንግዳ ማደሪያ የሚሆኑ ጎጆዎች መሥራት ጀመሩ። እንግዳው ከአንዱ ማደሪያ ወደ ሌላው በእግሩ ይጓዛል፤ ጓዙን አህያ ይሸከምለታል፤ መንገዱን ያገሩ ተወላጅ ይመራዋል፤ ማታም የመንደሩ ሰው ያበሰለውን ይበላል። ጥበቡ ያለው በሁለት ነገር ነው። አንደኛው የቡድኑ ማነስ ነው፤ በአንድ ጊዜ የሚመጣው እንግዳ በጣት የሚቈጠር ስለ ሆነ መንደሩ መንደርነቱን አይለቅም። ሁለተኛው ገንዘቡ ከሥራው ባለቤቶች እጅ መግባቱ ነው። ጦርነቱ በ2013 ዓ.ም. ክረምት ላስታንና መቄትን ሲያደርሰው የሆነውን ሁሉም ያውቀዋል፤ ቢሆንም ቅሉ አሠራሩ መልካም እንደ ነበረ የሚክድ የለም።

አሁን ወደ ጣና እንመለስ። ባሕር ዳር ለዚህ ጉዳይ የተፈጠረች ከተማ ናት ቢባል ማጋነን አይሆንም። መሬቷ ሜዳ ነው፤ ሕዝቧም ብስክሌት መንዳት የለመደ ነው። በግንቦት ወር 2016 ዓ.ም. የተመረቀው 380 ሜትር ርዝመት ያለው አዲሱ የዓባይ ድልድይም ለእግረኛና ለብስክሌት የተለየ መተላለፊያ አለው። ከዚያ ላይ ቆሞ ዓባይ ከጣና ወጥቶ ጉዞውን ሲጀምር የሚመለከት ወጣት፣ ስለዚህ ወንዝ በትምህርት ቤት የተማረውን ሁሉ በአንድ ጊዜ ያስታውሳል። ነገር ግን ከድልድዩ ላይ ፎቶግራፍ አንሥቶ መመለስ ዓባይን ማወቅ አይደለም።

ከጣና ዳር ሁሉ ለእግረኛ የሚበልጠው ዘጌ ነው። ከባሕር ዳር በጀልባ አንድ ሰዓት ገደማ ያስኬዳል። ወደ ውኃው ዘልቆ የገባ ልሳነ ምድር ሲሆን፣ ከዳር እስከ ዳር በደን የተሸፈነ ነው። በዙሪያው ያለው አገር ለእርሻ ሲመነጠር ይህ ደን እንዴት ተረፈ ብሎ የሚጠይቅ ሰው መልሱን ከመጽሐፍ ሳይሆን ከዘጌ ሰው አፍ መስማት አለበት። አቡነ በትረ ማርያም በ14ኛው ምዕት ዓመት ወደዚህ ቦታ መጥተው ገዳም በመሠረቱ ጊዜ፣ ሕዝቡ በሬ ጠምዶ እንዳያርስና ከብት እንዳያረባ ሥርዓት ሠሩለት፤ በዚህ ፈንታም ከአውሬና ከእባብ እንዲጠበቅ ጸለዩለት ይላል የአበው ትውፊት። ቡናውም የበቀለው ከጻድቁ በትር ነው ይባላል። ትውፊቱን እንደ እምነቱ የሚቀበለው ይቀበለው፤ ውጤቱን ግን ማንም በዓይኑ ያየዋል። የዘጌ ሰው ቡና፣ ጌሾና ሎሚ ሸጦ እህሉን ከገበያ ይሸምታል። በጥላው ሥር ቡና የሚያለማው ደን ራሱ እርሻው ስለ ሆነ ዛፉን መቍረጥ ማሳን እንደ ማቃጠል ነው። ስለ ደን ጥበቃ ብዙ ጥናት ያነበበ ባለሙያ፣ ሕግ ያወጣው ማን እንደ ሆነና ሕጉ ለስንት ምዕት ዓመት እንደ ተከበረ በዚያ ጠባብ መንገድ ሲሄድ ቢያስብ ሳይጠቀም አይቀርም።

ይሁን እንጂ ደኑ ያለ ሥጋት አይደለም። የማገዶው ገበያ ባሕር ዳር ነው፤ እንጨቱ በታንኳ ተጭኖ ወደ ከተማው ይሄዳል። የቡናው ዋጋ ሲወርድ የመጥረቢያው ድምፅ ከፍ ይላል። ይህንን ለማወቅ ከወደቡ ወደ ኡራ ኪዳነ ምሕረት የሚወስደውን አጭር መንገድ ብቻ ሄዶ መመለስ አይበቃም። በዚያ መንገድ ግራና ቀኝ የሚታየው ለእንግዳ የተዘረጋ የዕቃ መሸጫ ነው። ቤተ ክርስቲያኑ በእርግጥ እጅግ የሚደነቅ ነው፤ ክቡ ሕንፃ ከቅኔ ማሕሌቱ ወደ ቅድስቱ፣ ከቅድስቱ ወደ መቅደሱ ያስገባል፤ የመቅደሱም ግድግዳ ከላይ እስከ ታች በሥዕል የተሞላ ስለ ሆነ፣ በላዔ ሰብእን ከእመቤታችን ምሕረት ጋር የሚያሳየውን ሥዕል ብቻ ለመመልከት ግማሽ ቀን አይበዛም። ነገር ግን ጊዜ ያለው ቡድን ከዚያ አልፎ አዝዋ ማርያምን፣ በትረ ማርያምንና መሐል ዘጌ ጊዮርጊስን አይቶ፣ በደኑ ውስጥ ተሻግሮ እስከ አፋፍ ከተማ ድረስ ቢሄድ፣ ቡና የሚለቅሙትን፣ ጌሾ የሚያደርቁትንና ጦጣ የሚያባርሩትን ሕፃናት ያገኛል። ዘጌ ማለት ያ ነው።

በሐይቁ ዳር ሁለተኛው ትልቅ ትምህርት ታንኳው ነው። ታንኳ የሚሠራው ከደንገል ነው። ደንገሉ ታጭዶ ይደርቃል፤ ከዚያ በእጅ እየተጠማዘዘ ይታሰራል። ውኃ እየጠጣ ስለሚከብድም ባለቤቱ ከሐይቁ እያወጣ ያደርቀዋል። በዚህ ሙያ ከሁሉ የሚታወቁት ወይጦዎች ናቸው። ወይጦዎች በጥንት ጊዜ ጉማሬ እያደኑ ይኖሩ ስለ ነበር ጎረቤቶቻቸው አብረዋቸው ማዕድ አይቈርሱም ነበር፤ የራሳቸው ቋንቋም ጠፍቶ ዛሬ የሚናገሩት አማርኛ ነው። ታንኳውን ፎቶግራፍ የሚያነሣ ብዙ ነው፤ ባለ ታንኳውን ግን ቀርቦ የሚጠይቅ ጥቂት ነው። ከአንድ ወይጦ ሽማግሌ አጠገብ ተቀምጦ ደንገሉ ዛሬ ከየት እንደሚመጣ የጠየቀ ወጣት፣ የሐይቁን ዳር ማን እንደ ያዘው፣ ደንገሉም ለምን እየራቀ እንደ ሄደ ይሰማል። ጣና በ2007 ዓ.ም. በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራ ሆኖ ተመዝግቧል፤ ነገር ግን ከ2004 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ እምቦጭ የሚባለው አረም በሰሜንና በምሥራቅ ዳርቻው ገብቶበታል። ገበሬው ውኃው ውስጥ ቆሞ በእጁ ሲነቅል የታየበት ያ ዘመቻ በጋዜጣ ብዙ ተጽፎለታል። በዓይን ያየው ግን አረሙ ዓሣ አጥማጁን ከነመረቡ እንዴት እንደሚያስርና ከብቱን ከመጠጫው እንዴት እንደሚያግደው ያውቃል።

በዚያው በምሥራቅ በኩል ፎገራ አለ። ቀድሞ በከብቱ የታወቀ፣ በክረምት ውኃ የሚተኛበት ሜዳ ነው። ከላይ ያልነው ሩዝ እዚህ ነው። በ1970ዎቹ የሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች ጅግና በተባለው የገበሬዎች የኅብረት ሥራ ማኅበር ዘንድ ሩዝ ሞከሩ፤ ከዝርያዎቹም አንዱ እስከ ዛሬ በቦታው ስም ይጠራል። ገበሬው መጀመሪያ ባይተዋር የሆነበትን እህል ዛሬ ከጤፍ ጋር ቀላቅሎ እንጀራ ይጋግረዋል። በዝናም ማግሥት ከወረታ ወጣ ብሎ በብስክሌት የሚዞር ቡድን ማይ ቻውን የሚያስንቅ አረንጓዴ ያያል፤ ይህን ለማየት ፓስፖርት አያስፈልግም።

ስለ ጢስ ዓባይ ብዙ አንናገርም፤ ሁሉም ያውቀዋል። ይህን ብቻ እንበል፦ በ1956 እና በ1993 ዓ.ም. የተሠሩት ሁለት የመብራት ኃይል ማመንጫዎች ውኃውን ስለሚሻሙት፣ ፏፏቴውን በሙሉ ግርማው ማየት የሚፈልግ ሰው ከሐምሌ እስከ መስከረም መሄድ ይገባዋል፤ በበጋ ሄዶ የሚያዝን ብዙ ነው። በእግር የሚሄድ ቡድን በ17ኛው ምዕት ዓመት በድንጋይና በኖራ በተሠራው በአላታ ድልድይ በኩል ቢዞር ይሻላል።

ገበሬ ቤት የሚገባ ወጣት ሥርዓቱን ሳይማር መግባት የለበትም። እንግዳ ሲገባ የተቀመጡት ተነሥተው «ኖር» ቢሉት «በእግዜር» ብሎ ያስቀምጣቸዋል እንጂ ዝም ብሎ አይቀመጥም። በቢሮው ሰው የሚነሣለት ወጣት ሹም እዚህ ለሽማግሌው እርሱ ይነሣል፤ «አንቱ» ብሎም ይናገራል። ረቡዕና ዓርብ ወተትና ሥጋ አይጠይቅም። ቡና ከተፈላለት ሦስተኛውን ሳይጠጣ አይነሣም፤ በረካው ቀረ ማለት የቤቱ ምርቃት ቀረ ማለት ነውና። ዋጋው ስንት ነው ብሎ መጠየቅ ግን ባለቤቱን ያስቀይማል። በዚህ ነገር ብዙዎች ሲቸገሩ አይተናል። ነገሩ ቀላል ነው፤ ለመሪውና ለጀልባው የተስማሙትን ሳይከራከሩ መክፈል፣ ለተስተናገዱበት ቤት ደግሞ ስኳር፣ ቡና ወይም ለልጆቹ ደብተር ይዞ መሄድ ነው። ሰውን ሳያስፈቅዱ ፎቶግራፍ ማንሣት በማንኛውም ቦታ ነውር ነው።

«ታዲያ ዛሬ ማን ይሄዳል?» የሚል ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። በመጀመሪያ በ2012 ዓ.ም. የመጣው ወረርሽኝ፣ ቀጥሎም ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ በክልሉ የተነሣው ግጭት የውጭ አገር ጎብኚውን አርቆታል። በዚህም የጀልባ ነጂው፣ አስጎብኚውና በዘጌ መንገድ ዳር የእጅ ሥራ የምትሸጠው ሴት እንጀራቸው ጎድሏል። ማንም ሰው ያገሩን ሰዎችና የአካባቢውን አስተዳደር ሳይጠይቅ ወደ ገጠር እንዲነሣ አንመክርም፤ መንገዱ ክፍት በሆነበት ቀን፣ ክፍት በሆነበት ቦታ ብቻ ይሁን። አንድ ቀን ለባሕር ዳርና ለደብረ ማርያም ገዳም ብቻ የሚበቃ ቢሆን ያችው ትበቃለች። ነገር ግን የውጭው ሰው እስኪመለስ ድረስ ጀልባው ታስሮ ይቆይ ማለት ጣና የፈረንጅ ብቻ ነው ማለት ይሆናል።

የገንዘብም ነገር ይነሣል። የጀማሪ ሠራተኛ ደመወዝ ለጉብኝት እንደማይተርፍ እናውቃለን። ነገር ግን አንድ ጀልባ ለስድስት ሲካፈሉት፣ ብስክሌቱን ከጓደኛ ሲዋሱ፣ ስንቁን በሶና ዳቦ ሲያደርጉ ወጪው አንድ የቅዳሜ ምሽት በከተማ ከሚያስወጣው አይበልጥም። ከዚህ ይልቅ የሚያስወጣው የተማሪዎች ጉብኝት የሚባለው የዛሬው ልማድ ነው። አንድ አውቶቡስ ሙሉ ወጣት ሙዚቃውን ከፍ አድርጎ ይመጣል፤ በአንድ ሰዓት ውስጥ ሁለት ገዳም ያያል፤ ፎቶግራፍ ይነሣል፤ የውኃ መያዣ ፕላስቲኩን ከደኑ ውስጥ ጥሎ ይመለሳል። ያንን ስድሳ ሰው በስድስት በስድስት ከፍሎ በየሳምንቱ በየተራ መላክ ምን ያግዳል? አንድ ጎጆ ስድስት ሰው ያስተናግዳል፤ ስድሳ ሰው ግን ገበሬውን ከቤቱ ያስወጣዋል። አንድ መነኩሴ ለስድስት ሰው ታሪክ ይነግራል፤ ለስድሳ ሰው ግን መጮህ አለበት፤ መነኩሴም አይጮህም።

የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የተማሪዎች ክበቦች ይህንን ሊጀምሩት ይችላሉ፤ ለዚህ የተለየ በጀት አያስፈልግም። የክልሉ የባህልና ቱሪዝም ቢሮ በበኩሉ በዘጌ ደን ውስጥ የእግር መንገዱን በምልክት ቢያሳይ፣ መሪዎቹ በየተራ እንዲሠሩ ቢያደርግና ለእያንዳንዱ አገልግሎት ዋጋውን በወደቡ ላይ ጽፎ ቢሰቅል፣ በእንግዳውና ባገሩ ልጅ መካከል የሚነሣው ጭቅጭቅ በብዙ ይቀንሳል። አዲስ ሹም በአንድ ወረዳ ሲመደብም በመጀመሪያው ወር ወረዳውን በእግሩ እንዲዞር ማድረግ ደንብ ቢሆን እንዴት መልካም ነበር! ስለ ሐይቁ ዳር መሬት የሚወስን ሰው ደንገል ምን እንደ ሆነ ሳያውቅ ሲወስን ኪሳራው የወይጦው ነው።

ለመነሻ ያህል ለሚያስቡ ወጣቶች አንድ ነገር እንጨምር። ጣና ጧት ጸጥ ያለ ነው፤ ከቀትር በኋላ ግን ነፋስ ይነሣና ማዕበሉ ትንሹን ጀልባ ያናውጠዋል። ወደ ዘጌ የሚሄድ ቡድን ከንጋቱ በ12 ሰዓት ከወደቡ ቢገኝ፣ ደኑን በቀዝቃዛው ሰዓት ይጨርሳል፤ ከ8 ሰዓት በፊትም ወደ ጀልባው ይመለሳል።