ሊስትሮውን ሌላ ሰው እስከጻፈው ድረስ

የአማርኛ ፊልም የሚያይ ሁሉ ይህን ገጸ ባሕርይ ያውቀዋል። ከወላይታ ወይም ከዚያው አካባቢ የመጣ ነው። ሥራው ሊስትሮ፤ ካልሆነም ዘበኛ ወይም ሎተሪ አዟሪ። አማርኛው የተሰባበረ ስለሆነ አፉን በከፈተ ቁጥር ተመልካቹ ይስቃል። ግን ማን ነው? ከማን ቤት ወጣ? እናቱ ቦዲቲ ላይ ምን እየጠበቀች ነው? ፊልሙ ይህን አይጠይቅም።

ጫማ መጥረግ ነውር አይደለም። ነውሩ ጠራጊውን ታሪክ የሌለው ሰው አድርጎ ማሳየቱ ነው።

እንዲህ ያለ ፊልም በወጣ ቁጥር ሶዶ ላይ ፌስቡክ በቁጣ ይጋጋላል፤ ሳምንት ሳይሞላ ይበርዳል። ቁጣው ተገቢ ነው። ነገር ግን በቁጣ ብቻ የተሠራ ፊልም የለም።

ኃይሌ ገሪማን ተመልከቱ። የጎንደር ልጅ ነው፤ አባቱም የተውኔት ደራሲ ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1967 ወደ አሜሪካ ሲሄድ ሐሳቡ ቺካጎ ትወና መማር እንጂ ዳይሬክተር መሆን አልነበረም። እዚያ ለጥቁር ተዋናይ የሚተርፈው ግን የአገልጋይ ሚና ሆነበት። «የተሻለ ሚና ስጡኝ» እያለ ደጅ አልጠናም። ሎስ አንጀለስ ሄዶ የፊልም ሥራ ተማረና ከካሜራው ፊት ወደ ካሜራው ጀርባ ዞረ።

«እሱማ አሜሪካ ስለነበረ ነው» የሚል አይጠፋም። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን የቀረጸው ግን እዚሁ ኢትዮጵያ፣ ገና ተማሪ ሳለ፣ በጥቁርና ነጭ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ፣ ሙያተኛ ተዋናይ ባልሆኑ ሰዎች ነው። «ሳንኮፋ»ን አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍልለት ሲያጣ ራሱ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ከተማ ለከተማ ዞሮ አሳየው። «ጤዛ» ደግሞ በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 ዋጋዱጉ ላይ የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት ወሰደ።

ኃይሌ ዓድዋንም ፊልም አድርጎታል። ከዓድዋ ድል አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1887 ዓ.ም.፣ የካዎ ጦና ወላይታ ከምኒልክ ጦር ጋር ተዋግታ ወደቀች። ያን ታሪክ ማን ይቅረጸው? ሌላው ቢቀርጸው ጦናን እንዴት አድርጎ እንደሚስለው፣ ሊስትሮውን ያየ ሰው ይገምት።

ገንዘብ የለም ይባላል። ለጊፋታ ግን መድረክ ይተከላል፣ ቲሸርት ይታተማል፣ ስፖንሰር ይፈለጋል። ከዚያ ላይ ለአንድ አጭር ፊልም የሚሆን ተቀንሶ፣ ፊልሙ በዚያው በበዓሉ ሰሞን ለሶዶ፣ ለቦዲቲና ለአረካ ሕዝብ ቢታይ ምን ይጎድላል? ወላይትኛ ከሚሊዮን በላይ ተናጋሪ አለው። ካሜራውም በየወጣቱ ኪስ ውስጥ ነው።

ነገ ለአንድ የሶዶ ተዋናይ ከአዲስ አበባ ይደወልለት ይሆናል፤ «የሊስትሮ ሚና አለ፣ አማርኛህን ሰበር አድርገው» ይሉታል። እንጀራ ነውና ቢሄድ አይፈረድበትም። ሲመለስ ግን ያንኑ ሊስትሮ ራሱ ይጻፈው፤ ስም ይስጠው፣ እናቱንም ያሳየን።