ከእናት አልጋ አጠገብ የተጀመረ አገልግሎት



በለቅሶ ቤት «ልጅ ነው፤ ይረሳዋል» ሲባል ያልሰማ የለም። ልጅ ግን አይረሳም። ዝም ቢልም ሐዘኑ አብሮት ያድጋል። ወዴት ይመራው ይሆን? በዚህ ወር ዓምዳችን የፓኪስታናዊውን የአብዱልሰታር ኤዲን ታሪክ እንመለከታለን።

ኤዲ እ.ኤ.አ በ1928 በህንድ ጉጅራት፣ ባንትቫ በተባለች ከተማ ተወለዱ። ትምህርት ቤት ሲሄዱ እናታቸው ሁለት ሳንቲም ይሰጧቸው ነበር፤ አንዱ ለራሳቸው፣ አንዱ ለተቸገረ። ሁለቱንም ለራሳቸው ካዋሉት ቁጣ ይጠብቃቸዋል።

11 ዓመት ሲሆናቸው እኚያ እናት ሽባ ሆነው አልጋ ላይ ቀሩ፤ ቆይቶም አእምሯቸው ታወከ። እናትን ማጠብ፣ ልብስ መለወጥ፣ ማጉረስ የልጁ ሥራ ሆነ። ኤዲ 19 ዓመት ሲሆናቸው እናታቸው ሞቱ።

ይህ ልብን ሊያደነድን ይችል ነበር። ኤዲ ግን «አስታማሚ የሌለው በሽተኛስ ምን ይሆናል?» ወደሚለው አሳብ ዞሩ። እ.ኤ.አ በ1947 ቤተሰቡ ወደ ካራቺ ከተሰደደ በኋላ፣ በ1951 አንዲት ትንሽ የሕክምና ጣቢያ ከፈቱ። ሌሊት ለሚመጣ ሰው ለመድረስም ደጃፏ ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ይተኙ ነበር። በ1957 ከተማውን የኢንፍሉዌንዛ ወረርሽኝ ሲመታው ድንኳን ተክለው ሕሙማንን ረዱ፤ በተገኘው ልገሳም አሮጌ መኪና ገዝተው አምቡላንስ አደረጓት። ያቺ አንዲት መኪና ተባዝታ በዓለም ትልቁ የበጎ ፈቃድ አምቡላንስ አገልግሎት እስከ መባል ደረሰ። ነርስ ከነበሩት ባለቤታቸው ከቢልቂስ ጋርም፣ የሚጣል ሕፃን እንዳይሞት በማዕከሎቻቸው ደጃፍ የሕፃን አልጋ አስቀመጡ። እ.ኤ.አ በ2016 በ88 ዓመታቸው ሲያርፉ ዓይናቸውን እንኳ ለማየት ለተሳናቸው ለግሰው ነበር።

ወላጆች ሆይ! ሐዘን ብቻውን ሰውን ደግ አያደርግም። ኤዲን የያዛቸው ከሐዘኑ በፊት የተማሩት የሁለተኛዋ ሳንቲም ትምህርት ይመስለናል። እንግዲህ በቤታችሁ ያዘነ ልጅ ካለ «አታልቅስ» ከማለት ይልቅ አጠገቡ ተቀመጡ፤ ሲናገር አዳምጡት። እንቅልፍ ካጣ፣ ከሰው ከራቀ ሐኪም ዘንድ መውሰድ ነውር አይደለም። ሲበረታም ለታመመ ጎረቤት ውሃ እንደማቀበል ያለ ትንሽ አደራ ስጡት፤ ከአቅሙ በላይ ግን አታሸክሙት።

ልጅነታችሁ ከብዷችሁ ያለፈ ወንድሞችና እህቶች! ነቢያችንም (ሰ.ዐ.ወ) አባታቸውን ሳያዩ የተወለዱ፣ እናታቸውንም በስድስት ዓመታቸው ያጡ የቲም ነበሩ። ሕመማችሁን ለምታምኑት ሰው ንገሩ፤ ያጣችሁትንም ለሌላው ለመስጠት ከጎረቤታችሁ ጀምሩ።

አላህ የተሰበረን ልብ ይጠግን፤ እኛንም ለሰው የምንደርስ ያድርገን። አሚን።