የተሻሻለ የበቆሎ ስታርች፦ ጥያቄው ስለ ዱቄቱ ነው ወይስ ስለ ምግቡ?

በታሸጉ ሾርባዎች፣ በካቻፕ፣ በሕፃናት ምግቦችና ፍራፍሬ ተጨምሮባቸዋል በሚባሉ እርጎዎች መለያ ላይ «የተሻሻለ ስታርች» የሚል ስያሜ በብዛት ይገኛል። አንዳንድ ሸማቾች ቃሉን ሲያዩ መርዝ እንዳገኙ ይደነግጣሉ፤ አምራቾች በበኩላቸው ከተራ ዱቄት የማይለይ ነገር አድርገው ያቀርቡታል። ሁለቱም አመለካከቶች ለጤና ዋናውን ጥያቄ ያልፉታል።

በቅድሚያ ከስያሜው የሚመነጨውን ግርታ ማጥራት ያስፈልጋል። እዚህ ላይ የሚሻሻለው ስታርቹ እንጂ የበቆሎው ዘረመል አይደለም። «ልውጥ ሕያዋን» ከሚባሉት ጋር መቀላቀሉ ስለዚህ ስሕተት ነው፤ በቆሎው ልውጥ ሊሆንም ላይሆንም ይችላል፣ ጉዳዩ ግን ሌላ ነው። ስታርችን ከተክል መለየትም ለኢትዮጵያ እንግዳ ሙያ አይደለም። ከተፋቀ እንሰት ተጨምቆና ረግቶ የሚገኘው ቡላ በአብዛኛው ስታርች ነው።

ተራ የበቆሎ ስታርች 25 በመቶ ገደማ አሚሎዝ፣ የቀረው አሚሎፔክቲን ነው። በሙቅ ውሃ ያብጣል፤ ያወፍራል። ሲቀዘቅዝ ግን የአሚሎዝ ሰንሰለቶች እንደገና ይያያዙና ውሃውን ይለቃሉ፤ በአሲድና በረጅም ሙቀትም ውፍረቱ ይፈርሳል። ፋብሪካዎች ይህን ለመከላከል ሰንሰለቶቹን በፎስፌት ወይም በአዲፔት ያስተሳስራሉ፣ ጥቂት የአሴቲል ወይም የሃይድሮክሲፕሮፒል ቡድኖችንም ያክሉባቸዋል። የሚጨመረው መጠን ትንሽ ነው፤ ለምሳሌ በአሴቲሌትድ ስታርች ውስጥ የአሴቲል መጠን ከ2.5 በመቶ እንዳይበልጥ ተወስኗል።

የአውሮፓ የምግብ ደኅንነት ባለሥልጣን እ.ኤ.አ. በ2017 ዐሥራ ሁለት የተሻሻሉ ስታርቾችን እንደገና መርምሮ፣ በሥራ ላይ ባሉት መጠኖች ለጠቅላላው ሕዝብ የደኅንነት ስጋት እንደማይፈጥሩና በቁጥር የተወሰነ ዕለታዊ ጣሪያ እንደማያስፈልጋቸው ደምድሟል። ይህን ማስረጃ ወደ ጎን ትቶ ስታርቹን መርዝ ማለት ሳይንሳዊ አይሆንም።

ሆኖም «አይጎዳም» እና «ጤናማ ነው» አንድ አይደሉም። የሚፈጨው ስታርች በአንድ ግራም 4 ኪሎካሎሪ ገደማ ይሰጣል፤ ከቫይታሚንና ከፕሮቲን ግን የሚያበረክተው የለም ማለት ይቻላል። ተፈጭቶም ግሉኮስ ስለሚሆን፣ «ስኳር አልተጨመረበትም» የሚለውን ብቻ አንብቦ የሚገዛ የስኳር ሕመምተኛ ሊዘናጋ ይችላል። ከዚህም በላይ እርጎ ከወተቱ፣ ድልህ ከቲማቲሙ ማግኘት የሚገባውን ውፍረት ስታርችና ውሃ ሲሰጡት፣ ገዢው ምግብ ያገኘ እየመሰለው የሚከፍለው ለመልኩ ነው።

በጣም የተቀነባበሩ ምግቦችን የሚመለከተው ጥናትም በጥንቃቄ መነበብ አለበት። እ.ኤ.አ. በ2019 ኬቪን ሆልና ባልደረቦቹ በአሜሪካ ብሔራዊ የጤና ተቋማት 20 ጎልማሶችን አጥንተው፣ ተሳታፊዎቹ በእነዚህ ምግቦች ላይ በነበሩበት ጊዜ በቀን 500 ኪሎካሎሪ ገደማ ተጨማሪ እንደተመገቡ አሳይተዋል። ጥናቱ ስታርቹን ለብቻው አልፈተነም፤ ስለዚህ ጥፋቱን በእርሱ ላይ መጫን አይቻልም። የተሻሻለ ስታርች በመለያው ላይ መታየቱ ግን ምግቡ ከዚያ ወገን መሆኑን ከሚጠቁሙ ምልክቶች አንዱ ነው።

ስለዚህ ትኩረት የሚሻው መለያው ነው። በአውሮፓም በአሜሪካም ጥቅል ስሙን መጻፍ ይበቃል፤ የተደረገውን ለውጥ ዓይነትም ሆነ መጠኑን መግለጽ በአብዛኛው ግዴታ አይደለም። የኢትዮጵያ ሸማች ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚያነበው በባዕድ ቋንቋ የተጻፈ መለያ ነው። የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011ን የሚያስፈጽመው ባለሥልጣን ሦስት ነገሮችን ቢያስገድድ ተገቢ ይሆናል፦ ስያሜው በአገር ውስጥ ቋንቋ እንዲጻፍ፣ ስታርቹ የተገኘበት ተክል እንዲጠቀስ፣ ወተትን ወይም ፍራፍሬን በሚተካባቸው ምርቶች ላይም መጠኑ በመቶኛ እንዲገለጽ። ሁለተኛው ነጥብ ግሉተን ለማይስማማው ሰው የግድ ነው፤ ከበቆሎ የተሠራው ባይጎዳውም ከስንዴ የተሠራው ሊጎዳው ይችላልና።

ይህ እስኪሆን ድረስ ሸማቹ የግብዓቶችን ቅደም ተከተል ማየት ይችላል፤ ዝርዝሩ ከክብደት ብዙ ወደ ጥቂት የሚወርድ ነውና። ስታርቹ በመጨረሻ ከሰፈረ ማያያዣ ብቻ ነው። ከወተቱ ወይም ከቲማቲሙ ቀጥሎ ከተጻፈ ግን፣ ዋጋውን ከማውጣት በፊት የሚገዛው ምን እንደሆነ ቆም ብሎ መጠየቅ ይገባዋል።