ለእምነታቸው ሲሉ ያልዋሹት ሐኪም

እ.ኤ.አ. በ1981 የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ሮናልድ ሬገን ዶክተር ኤቨረት ኩፕን ለሰርጂን ጀነራልነት ሲያጩ፣ ወዳጆቻቸውም ተቃዋሚዎቻቸውም ሰውየውን በደንብ ያወቋቸው መስሏቸው ነበር። ሰርጂን ጀነራል በጀቱም ሥልጣኑም ያን ያህል የማይወራለት፣ ግን ስለ ጤና ለመላው የአሜሪካ ሕዝብ የመናገር መብት ያለው ሹም ነው። ወግ አጥባቂው ክርስቲያን ውርጃን አምርረው የሚቃወሙት የራሱ ሰው ወንበሩን ያዙልኝ ብሎ ተደሰተ። ሌላው ወገን ደግሞ ሰባኪ የሐኪም ጋዋን ለብሶ መጣብን አለ። የአሜሪካ የሕዝብ ጤና ማኅበር ሳይቀር ሹመታቸውን ተቃወመ። ነገሩ ወራት ፈጅቶ በኖቬምበር ወር ሴኔቱ 68 ለ24 በሆነ ድምፅ አጸደቀላቸው።

ኩፕ ከስምንት ዓመት በኋላ ወንበሩን ሲለቁ የቀድሞ ወዳጆቻቸው ከሃዲ ይሏቸው ነበር፤ ተቃዋሚዎቻቸው ደግሞ ተለወጡ ብለው አመሰገኗቸው። እኔ ሁለቱንም አልቀበልም። ኩፕ አልከዱም፣ አልተለወጡምም። እምነታቸው ለማን መቆም እንዳለባቸው ነገራቸው፤ ሙያቸው ደግሞ በማስረጃ ሊሉት የሚችሉትንና የማይችሉትን አሳያቸው። ይህን ለመረዳት ከፖለቲካው በፊት ሠላሳ ዓመት የዘለቀውን የቀዶ ሕክምና ሥራቸውን ማየት ያስፈልጋል።

በ1916 ብሩክሊን፣ ኒው ዮርክ የተወለዱት ኩፕ ገና በወጣትነታቸው የፊላደልፊያ የሕፃናት ሆስፒታል የቀዶ ሕክምና ኃላፊ ሆኑ። በዚያን ዘመን አራስ ልጅን በቀዶ ሕክምና ማከም ብዙዎች የማይደፍሩት ነገር ነበር። ማደንዘዣው ትንሽ ቢበዛ፣ ደም ትንሽ ቢፈስ፣ ሰውነቱ ጥቂት ቢቀዘቅዝ ልጁ ይሞታል። የምግብ ቧንቧው መሐል ላይ ተቋርጦ የሚወለድ ሕፃን አለ። የጠባው ወተት ሆዱ አይደርስም፤ ምራቁም ወደ ሳንባው ይገባል። ካልታከመ በቀናት ውስጥ ይሞታል። የእነዚህን ሕፃናት ደረት ከፍቶ፣ የተለያዩትን የቧንቧ ጫፎች ፈልጎ በቀጭን ክር መስፋት የኩፕ ልዩ ሙያ ሆነ። በ1956 ደግሞ ቀዶ ሕክምና ለተደረገላቸው አራሶች ብቻ የሚሆን የጽኑ ሕሙማን ክፍል ከፈቱ፤ በአሜሪካ የመጀመሪያው ነበር።

እንዲህ ባለ ክፍል ውስጥ የሚሠራ ሰው መርሕ ከሰው ሕይወት ጋር ሲጋጭ በዓይኑ ያያል። በ1977 ተጣብቀው የተወለዱ፣ በአንድ ልብ የሚኖሩ ሁለት ሴት ልጆች ወደ እሳቸው መጡ። እንዳሉ ቢተዉ ሁለቱም ይሞታሉ፤ ከተለያዩ ደግሞ አንዷ መሞቷ አይቀርም። ወላጆቹ አጥባቂ አይሁድ ስለነበሩ ጉዳዩ ወደ ራቢዎቻቸው ሄደ። ኩፕ ብይኑ እስኪሰጥ ጠበቁ፤ ሲፈቀድ ቀዶ ሕክምናውን አደረጉ። የተረፈችውም ልጅ ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ሁለት ወር ሳይሞላ አረፈች። የሰው ሕይወት አይነካም ብለው በየመድረኩ የሚከራከሩት ሰው ናቸው እንግዲህ ይህን ያደረጉት። እኔ ተቃርኖ ብዬ አላልፈውም። ከባድ ውሳኔን በራሳቸው እጅ የፈጸሙ ሰው ስለ መርሕ ሲናገሩ ቃላቸው ሌላ ክብደት ይኖረዋል።

ኩፕ ወደ ወንጌላዊ እምነት የመጡት በ1940ዎቹ መጨረሻ፣ በፊላደልፊያ ቴንዝ ፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን የዶናልድ ባርንሃውስን ስብከት እየሰሙ ነው። በ1968 ዴቪድ የተባለው ልጃቸው ተራራ ሲወጣ ወድቆ ሞተ። የብዙ ወላጆችን ሐዘን ያዩት ሐኪም የራሳቸው ደረሰባቸው፤ እምነታቸውን ግን አልጣሉም።

የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የ1973 ውሳኔ ውርጃን በመላ አገሪቱ ሲፈቅድ ኩፕ ወደ አደባባይ ወጡ። ጥያቄያቸው ከሥራቸው የመነጨ ነበር። ዛሬ ከተወለደ ልጅ ጋር ሌሊቱን ስታገል የማድር ሰው፣ ከሳምንታት በፊት በእናቱ ማሕፀን የነበረውን ያንኑ ልጅ እንዴት ምንም አይደለም እላለሁ? በ1979 ከወንጌላዊው አሳቢ ከፍራንሲስ ሼፈር ጋር መጽሐፍ ጻፉ፤ ፊልምም ሠሩ፤ ፊልሙን ይዘው ከከተማ ከተማ ዞሩ። በአንዱ ትዕይንት ኩፕ በሙት ባሕር ዳርቻ፣ በጨው ላይ በተበተኑ እጅግ ብዙ አሻንጉሊቶች መካከል ቆመው ይናገራሉ። ምስሉ አንጀት ይበላል፤ ማስረጃ ግን አይደለም፣ ቅስቀሳ ነው። ቅስቀሳውም ሠርቷል። እስከዚያ ድረስ ውርጃን የካቶሊኮች ጉዳይ አድርገው ይቆጥሩ የነበሩ ብዙ ፕሮቴስታንቶችን ወደ ትግሉ አስገብቷል።

ሹመቱን ሲይዙ ግን ኩፕ በቅስቀሳና በማስረጃ መካከል አጥር አበጁ። ይህ ማለት ግን መሟገት ተዉ ማለት አይደለም። በ1982 ብሉሚንግተን፣ ኢንዲያና ውስጥ ዳውን ሲንድረም ያለበት፣ የምግብ ቧንቧውም የተዘጋ ሕፃን ተወለደ። ወላጆቹ ቀዶ ሕክምናውን አልፈቀዱም፤ ፍርድ ቤትም ፈቀደላቸው፤ ልጁ በስድስተኛ ቀኑ ሞተ። ኩፕ በእጃቸው ስንቱን የፈወሱት ሕመም ነበርና እንዲህ ላሉ ሕፃናት ጥበቃ የሚሆን ደንብ እንዲወጣ ተሟገቱ። ደንቡን በ1986 ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሻረው። በትምባሆ በኩል የበለጠ ተሳካላቸው፤ የ1988 ሪፖርታቸው ኒኮቲን እንደ ሄሮይንና ኮኬይን ሱስ ያስይዛል ብሎ በይፋ አወጀ።

ትልቁ ፈተና ኤድስ ነበር። በሽታው በ1981 ሲታወቅ ኩፕ እንዳይናገሩበት ከበላይ ተከለከሉ፤ ዓመታት በዝምታ አለፉ። ያ ዝምታ ሕይወት አስከፍሏል፤ እሳቸውን የማከብር ብሆንም ይህን አልሸፍንም። በ1986 ሬገን ሪፖርት እንዲያዘጋጁ ሲጠይቋቸው ግን ራሳቸው ጻፉት። ለዋይት ሃውስ ስብሰባ ረቂቁን ቁጥር በተሰጠው ቅጂ አደሉ፤ ስብሰባው ሲያልቅ መልሰው ሰበሰቡት። ሾልኮ እንዳይወጣ ወይም አማካሪዎች እንዳይቆራርጡት ብለው ነው። በኦክቶበር የወጣው 36 ገጽ ያለው ሪፖርት መታቀብንና ለአንድ የትዳር ጓደኛ መታመንን አስቀደመ፤ ይህን ለማያደርግ ሰው ግን ኮንዶም ይጠቀም አለ፤ ልጆችም ገና በትንሽነታቸው ይማሩ አለ። በ1988 አጭር ማብራሪያ ያለው በራሪ ጽሑፍ ወደ 107 ሚሊዮን ቤቶች በፖስታ ተላከ።

እንደ ፊሊስ ሽላፍሊ ያሉ ወግ አጥባቂዎች ተነሡባቸው፤ በ1987 ለክብራቸው በተዘጋጀ ራት ላይም ብዙ ፖለቲከኞች ሳይገኙ ቀሩ። ብልግናን አበረታቱ ተባሉ። እኔ ግን ከሪፖርቱ ይበልጥ ክርስቲያናዊ የሆነ ሥራ በዚያ መንግሥት ውስጥ አላውቅም። ታማሚውን እንዴት ያዘህ ብሎ ከመፍረድ በፊት ማከም፣ ያልታመመውንም ሊሞት በሚችልበት ነገር ላይ እውነቱን መንገር የሐኪምም የአማኝም ግዴታ ነው።

ያም ሆኖ በኤድስ ጉዳይ ኩፕን ምሕረት ትደግፋቸው ነበር። የሚከብደው የተቃውሟቸው ማዕከል የሆነው ውርጃ ነው። ሬገን በ1987 ውርጃ በሴቶች ጤና ላይ የሚያስከትለውን ጉዳት አጥንተው እንዲያቀርቡ አዘዟቸው። የሚጠበቀው መልስ የታወቀ ነበር፤ ጎጂ ነው ካሉ ለትግሉ መሣሪያ ይሆናል። ኩፕ ከሁለቱም ወገን ሰዎች አነጋገሩ፤ ወደ 250 የሚጠጉ ጥናቶች ተመረመሩ። በጃንዋሪ 1989 ለፕሬዚዳንቱ በጻፉት ደብዳቤ ያለው መረጃ ጎጂ ነው ለሚለውም አይደለም ለሚለውም በቂ አይደለም፣ ስለዚህ ሪፖርት አላወጣም አሉ። የሚያምኑትን ነገር የሚደግፍ ቃል በእጃቸው ነበር፤ አልተናገሩትም። ለጠላት ክርክር አለመዋሸት ቀላል ነው፤ ለራስ ክርክር አለመዋሸት ግን ጥቂቶች ብቻ የሚችሉት ነው።

በ2013 እስኪያርፉ ድረስ ውርጃን መቃወማቸውን አልተዉም። የክርክሩ ቦታ ግን ፅንሱ ሰው ነው ወይስ አይደለም የሚለው የግብረ ገብ ጥያቄ ነው ይሉ ነበር፤ በሴቲቱ ጤና ላይ የሚነሣ ደካማ ማስረጃ ያን ጥያቄ ያዳክመዋል እንጂ አያጠነክረውም። እንቅስቃሴያቸው ግን አልሰማቸውም። በበርካታ ግዛቶች የወጡ ሕጎች ውርጃ የአእምሮ ጉዳት ሊያስከትል ይችላል የሚል ማስጠንቀቂያ ለሴቶች እንዲሰጥ አስገደዱ። ኩፕ ማስረጃ አጣሁለት ብለው የተዉትን ነገር ሌሎች በሕግ ጻፉት።