የካቶሊክ ትምህርት ቤቶችና የድኻው ልጅ ወንበር

የአዲሱ የትምህርት ዘመን ምዝገባ በሚደረግበት ሰሞን በአዲስ አበባ ከተማ ብዙ ወላጆች ልጆቻቸውን ለማስመዝገብ ወደ ካቶሊክ ትምህርት ቤቶች ደጃፍ ሲመላለሱ ማየት የተለመደ ነው። ከነዚህም ወላጆች መካከል የኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ምእመን አለ፤ እስላሙም አለ፤ ፕሮቴስታንቱም አለ፤ ካቶሊኩ ግን ጥቂት ነው። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብና የቤቶች ቈጠራ የካቶሊክ እምነት ተከታዮች ከሀገራችን ሕዝብ 0.7 በመቶ ብቻ ሆነው ተገኝተዋል። ቍጥሩ ይህን ያህል ያነሰ ማኅበር በከተማም በገጠርም በመቶ የሚቈጠሩ ትምህርት ቤቶችን አቋቁሞ ማስተዳደሩ፤ በነዚህም ውስጥ ከሚማሩት ልጆች የሚበዙት የሌላ እምነት ተከታዮች መሆናቸው፤ ቆም ብሎ ለሚመለከተው ሰው ቀላል ነገር አይደለም።

ስለዚህ የነዚህ ትምህርት ቤቶች ነገር የአንድ ቤተ ክርስቲያን የውስጥ ጉዳይ ብቻ ሆኖ ሊታይ አይገባውም። ጉዳዩ የወላጆች ሁሉ፤ የመንግሥትም፤ የሀገርም ጉዳይ ነው። ሊጠየቅም የሚገባው ዋና ጥያቄ እነዚህ ትምህርት ቤቶች የተቋቋሙት ለማን ነበር? ወደ ፊትስ ለማን ይሆናሉ? የሚለው ነው።

በሀገራችን የካቶሊክ መምህር ስም ለብዙ ዘመን ያለ ጥርጣሬ የተነሣበት ጊዜ አልነበረም። ለዚህም ምክንያት አለው። በ17ኛው ምዕተ ዓመት በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን ጄስዊት የሚባሉት ኢየሱሳውያን ካህናት ትምህርትና ሃይማኖትን አጣምረው በመምጣታቸው፤ ንጉሡም እምነታቸውን ለውጠው ሕዝቡን ለማስለወጥ በመነሣታቸው ብዙ ደም ፈሰሰ። በመጨረሻም ሱስንዮስ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1632 የጥንቱ ሃይማኖት እንዲመለስ አውጀው ዙፋናቸውን ለልጃቸው ለዐፄ ፋሲለደስ ለቀቁ፤ ፋሲለደስም ኢየሱሳውያኑን ከሀገር አስወጡ። ይህ ትዝታ ከአባት ወደ ልጅ ሲወርድ የኖረ ነው፤ ዛሬም ቢሆን ፈጽሞ ጠፍቷል ለማለት አይቻልም።

ይሁን እንጂ ከዚያ በኋላ የመጣው ታሪክ ሌላ መልክ አለው። ራስ መኰንን በሐረር ሳሉ ልጃቸው ተፈሪ የውጭ አገር ቋንቋና ዘመናዊ ትምህርት እንዲማሩ በፈለጉ ጊዜ የተማመኑት በካፑቺኑ ጳጳስ በሞንሴኘር እንድርያስ ዣሮሶ ነበር። ከልዑሉም መምህራን አንዱ ኢትዮጵያዊው ካቶሊክ ካህን አባ ሳሙኤል ወልደ ካህን ነበሩ። አባ ሳሙኤል በ1907 ዓ.ም. በሐረማያ ሐይቅ ላይ ከተማሪያቸው ጋራ ሳሉ ጀልባ ሰጥማ ሕይወታቸው አለፈ፤ ተማሪያቸው ግን ተርፈው በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተብለው ነገሡ።

ንጉሠ ነገሥቱም ይህን ውለታ የረሱ አይመስሉም። እርሳቸው በ1917 ዓ.ም. ያቋቋሙትን የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ከጠላት ወረራ በኋላ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1945 ከካናዳ ለመጡ ኢየሱሳውያን አደራ ሰጡ። ከነዚህም ዋነኛው ሉስዬን ማት በ1943 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅን ሥራ አስጀመሩ፤ ያም ኮሌጅ የዛሬው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መሠረት ነው። ከሦስት መቶ ዓመታት በፊት ከሀገር የተባረረው ማኅበር ተመልሶ በተጠራ ጊዜ የመጣው ለማስተማር እንጂ ለመስበክ አልነበረም። አባላቱ የካህን ልብሳቸውን ትተው እንደ ማንኛውም መምህር ለብሰው ያስተምሩ እንደ ነበር በዘመኑ የተማሩት ያወሳሉ።

ሕጉም ቢሆን ነገሩን በልክ አስቀምጦት ነበር። በ1936 ዓ.ም. ስለ ሚስዮኖች ሥራ የወጣው ድንጋጌ የሚስዮን ትምህርት ቤቶች በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ክልል የየራሳቸውን ሃይማኖት እንዳያስተምሩ ከልክሎ፤ የእጅ ሥራን፤ ሕክምናንና ጠቅላላ ትምህርትን ግን ፈቅዶ ነበር። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 90 ትምህርት ከሃይማኖት፤ ከፖለቲካ አመለካከትና ከባህላዊ ተጽዕኖ ነጻ በሆነ መንገድ መሰጠት እንዳለበት ያዛል። ይህ መስመር እስከ ተጠበቀ ድረስ የእስላሙ ልጅ እስላም፤ የተዋሕዶው ልጅ ተዋሕዶ እንደ ሆነ ከሲስተሮቹ ዘንድ ሥነ ሥርዓትንና ሒሳብን ተምሮ ይወጣል። አብዛኛውም ሕዝብ ልጁን ያለ ሥጋት የሚልከው ይህን በዓይኑ ስላየ ነው። ስለዚህ የጥንቱ ጥያቄ፤ ማለት «ልጃችንን ከሃይማኖቱ ያወጡብን ይሆን?» የሚለው፤ ዛሬ በአብዛኛው መልስ አግኝቷል ለማለት ይቻላል።

አሁን የመጣው ጥያቄ ግን ሌላ ነው፤ እርሱም የገንዘብ ጥያቄ ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል። በፈረንሳይ አገር በራንስ ከተማ የሚኖር ዮሐንስ ባፕቲስት ዴ ላ ሳል የሚባል ባለጸጋ ካህን እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1680 ገደማ ለድኾች ልጆች የሚያስተምሩ መምህራንን ሰብስቦ አንድ ማኅበር መሠረተ። በኋላም ረኃብ በገባ ጊዜ ሀብቱን ለችግረኞች አከፋፍሎ ራሱም ከመምህራኑ ጋራ በድኽነት ኖረ። በዚያን ዘመን ትምህርት በላቲን ቋንቋ ይሰጥ ስለ ነበር ለባለጸጎች ልጆች ብቻ የተወሰነ ነበር፤ እርሱ ግን ልጆቹ በሚናገሩት በፈረንሳይኛ፤ ያለ ክፍያ፤ በአንድ ክፍል አስቀምጦ ማስተማርን አስፋፋ። በአዲስ አበባና በአዳማ የቅዱስ ዮሴፍ ትምህርት ቤቶችን የሚያስተዳድሩት «ወንድሞች» የዚሁ ማኅበር አባላት ናቸው።

እንግዲህ እንዲህ ያለው ትምህርት ቤት ያለ ክፍያ ወይም በጥቂት ክፍያ ሊቆም የቻለው እንዴት ነበር? ምስጢሩ ግልጽ ነው። መምህሩ መነኵሴ፤ መምህርቷም ድንግል ነበረች። ቤትና ልጆች የላቸውም፤ ደመወዝም አይቈጥሩም፤ የሚበሉትና የሚለብሱት ከማኅበራቸው ነው። ከትምህርት ቤቱ ወጪ ዋናው የመምህር ደመወዝ በመሆኑ፤ ያ ሲቀር የድኻው ልጅ ወንበር ያለ ዋጋ ይገኝ ነበር። የካቶሊክ ትምህርት ቤት ትልቁ ሀብት ሕንጻው ወይም የውጭ ርዳታው ሳይሆን ይህ ያለ ዋጋ የተሰጠ የሰው ዕድሜ ነበር።

ይህ ሀብት ሲጐድል የሚሆነውን ለማየት የአሜሪካን አገር መመልከት ይበቃል። በዚያ አገር ያሉ የካቶሊክ ጳጳሳት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1884 በባልቲሞር ባደረጉት ጉባኤ እያንዳንዱ አጥቢያ የራሱ ትምህርት ቤት እንዲኖረው ወሰኑ፤ የአየርላንድ፤ የኢጣሊያና የፖላንድ ስደተኞች ልጆችም በነዚህ ትምህርት ቤቶች ተምረው ሰው ሆኑ። በ1960ዎቹ መካከል ተማሪዎቹ ከ5 ሚሊዮን በልጠው ነበር። ዛሬ ግን ወደ 1.7 ሚሊዮን ወርደዋል። በ1920 ከመቶው መምህር 90 ያህሉ መነኮሳትና ደናግል ነበሩ፤ አሁን ከመቶ 3 ያህል እንኳ አይሞሉም። በቦታቸው ቤተ ሰብ ያላቸው ባለ ደመወዝ መምህራን ሲገቡ ክፍያው ከፍ አለ፤ ክፍያው ከፍ ሲል ድኻው ወጣ፤ ድኻው ሲወጣ በየከተማው የሠራተኛ ሰፈር የነበሩት ትምህርት ቤቶች ብዙዎቹ ተዘጉ። በእርግጥ ምክንያቱ ይህ ብቻ አልነበረም፤ ሕዝቡም ከከተማ መካከል ወደ ዳር እየወጣ ይሰፍር ነበር፤ የሚወለደውም ልጅ አንሶ ነበር። ነገር ግን የደመወዙ ነገር ዋነኛው እንደ ነበር የሚክድ የለም።

በእኛ አገር ነገሩ በተቃራኒው መንገድ ይመጣል፤ ስለዚህም ለማስተዋል ይከብዳል። በአሜሪካ ትምህርት ቤቶቹ ባዶ እየሆኑ ተዘጉ፤ በእኛ ዘንድ ግን ከሚፈለገው በላይ ሞልተዋል። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ውጤት ሲገለጥ ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት ተፈታኞች 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ፤ ከሺህ የሚበልጡ ትምህርት ቤቶችም አንድ ተማሪ እንኳ አላሳለፉም። በ2017 ዓ.ም. ይህ ቍጥር ወደ 8.4 በመቶ ቢያድግም ከመቶ ልጆች ከዘጠና የሚበልጡት አሁንም ወድቀዋል ማለት ነው። እንዲህ ባለ ጊዜ ሥነ ሥርዓት ያለው፤ መምህሩ ከክፍል የማይቀርበት ትምህርት ቤት እንደ ብርቅ ዕቃ ይታያል። ብርቅ የሆነውን ነገር ሁሉ ደግሞ ገንዘብ ያለው ይቀድምበታል።

ክፉ ሐሳብ ያለው ሰው ባይኖርም ነገሩ ቀስ በቀስ መልኩን ይለውጣል። የኑሮ ውድነት ይጨምራል፤ መምህሩም ቤተ ሰብ አለውና ደመወዙ እንዲጨመር ይጠይቃል፤ መጠየቁም ተገቢ ነው። ትምህርት ቤቱ ክፍያውን ጥቂት ከፍ ያደርጋል፤ በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ ጥቂት። የሚከፍል ወላጅ አይጠፋም፤ ተሰልፎ ይጠብቃል። ከዐሥር ዓመት በኋላ ግን በአንድ ወቅት የዘበኛው፤ የልብስ አጣቢዋና የጕልት ቸርቻሪዋ ልጅ ይቀመጥበት በነበረው ወንበር ላይ ከዚያች ሰፈር የመጣ አንድ ልጅ እንኳ አይገኝም። ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው እንደሚባለው፤ ማንም ሳይወስን ትምህርት ቤቱ ለባለጸጋ የተሠራ ይሆናል።

«ታዲያ ትምህርት ቤት ያለ ገንዘብ በምን ይቆማል?» የሚል ሰው እውነት አለው። ክፍያ መቀበል ነውር አይደለም፤ ከከተማው ትምህርት ቤት የሚገኘው ገቢ በገጠር ላለው ድኻ ትምህርት ቤት መደገፊያ የሚሆን ከሆነም የሚመሰገን ነው። እኛም የምንለው ክፍያው ይቅር አይደለም። የምንለው፤ ያለ ዋጋ ያስተምር የነበረው መነኵሴ ከሄደ የእርሱን ቦታ በዕቅድ የሚተካ ነገር ካልተገኘ ቦታውን ገንዘብ ብቻ ይይዘዋል ነው። መስቀሉ በበሩ ላይ እንደ ተሰቀለ ይቀራል፤ የተሰቀለበት ምክንያት ግን ይረሳል።

ሌሎች አፍሪቃውያን ይህን ችግር በልዩ ልዩ መንገድ ሞክረውታል። በኮንጎ ዲሞክራሲያዊ ሪፑብሊክ መንግሥትና አብያተ ክርስቲያናት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1977 ባደረጉት ስምምነት ቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤቶቹን ታስተዳድራለች፤ መንግሥት ደግሞ ለመምህራኑ ደመወዝ ይከፍላል። በ1919 ወይም በ1950 እንደ ነበረው ያለ ደመወዝ የሚያስተምር ሰው በሌለበት ዘመን ይህ ለድኻው በር ይከፍታል። ነገር ግን በ2019 የአንደኛ ደረጃ ትምህርት በነጻ እንዲሆን ሲታወጅ በቂ መምህርና ክፍል ስላልተዘጋጀ በብዙ ስፍራ ክፍሎች ከልክ በላይ ተጨናንቀዋል። ከዚህም የምንማረው በሩን መክፈት ብቻ እንደማይበቃ፤ ለገባው ልጅ መምህርና ወንበር መዘጋጀት እንዳለበት ነው። ለሀገራችንም የሌላውን አገር ሥርዓት እንዳለ ማምጣት አይጠቅምም፤ ሕጋችንም ሁኔታችንም ልዩ ነው። ይሁን እንጂ ሦስት ወገኖች የየድርሻቸውን ቢያደርጉ ነገሩ ሊቃና ይችላል ብለን እናምናለን።

በመጀመሪያ ትምህርት ቤቶቹን የሚያስተዳድሩት ክፍሎች በየትምህርት ቤቱ ለድኾች ልጆች የሚሆነውን ወንበር ቍጥር አስቀድመው ወስነው፤ ከምዝገባው በፊት ለሕዝብ ቢያስታውቁ መልካም ነው። ዛሬ በብዙ ስፍራ በነጻ ወይም በቅናሽ የሚማሩ ልጆች እንዳሉ ይታወቃል፤ ነገር ግን በምሕረት የሚሰጥና በደንብ የተጻፈ ነገር አንድ አይደለም። በምሕረት የሚሰጠው በጠበበ ዓመት ይቀነሳል፤ በደንብ የተጻፈው ግን ይጠበቃል።

ሁለተኛ፤ የቀድሞ ተማሪዎች አሉ። ከነዚህ ትምህርት ቤቶች ወጥተው በሀገር ውስጥም በውጭ አገርም በሐኪምነት፤ በመሐንዲስነት፤ በንግድና በመንግሥት ሥራ የተሠማሩ ብዙ ሰዎች ናቸው። በየዓመቱ ተሰብስበው ስለ ጥንቱ ትዝታ መጫወታቸው ደስ ያሰኛል። ያስተማሯቸው ወንድሞችና ሲስተሮች ደመወዝ ሳይቀበሉ ዕድሜያቸውን እንደ ሰጡ ካስታወሱ ግን አንድ አንድ ልጅ ተቀብለው ክፍያውን ቢሸፍኑ ያ ዕዳ በከፊል ተከፈለ ማለት ነው። የመነኵሴውን ቦታ ሊተካ የሚችለው ይህ ነው።

ሦስተኛ፤ መንግሥት እነዚህን ትምህርት ቤቶች ከነጋዴ ትምህርት ቤት ጋራ አንድ አድርጎ ባይመለከታቸው ይበጃል። ትርፍ የማይከፋፈልበትንና ለድኻው ወንበር የሚያስቀምጠውን ትምህርት ቤት በመሬት፤ በግብርና በመጽሐፍ አቅርቦት ረገድ ለይቶ ቢረዳ፤ በምላሹም ልምዳቸውን በአቅራቢያቸው ላሉት የመንግሥት ትምህርት ቤቶች መምህራን እንዲያካፍሉ ቢጠይቃቸው፤ ጥቅሙ ከአንድ አጥር ውስጥ አልፎ ለሰፈሩ ሁሉ ይደርሳል። ሃይማኖትና ትምህርት ተለይተው እንዲቆሙ የሚያዘው ሕግም በዚህ አይጣስም።

ወላጆችም ቢሆኑ ከዚህ ነገር ውጪ አይደሉም። ልጃቸው ከሐብታም ልጆች ጋራ ብቻ እንዲቀመጥ ብለው የሚከፍሉ ካሉ ተሳስተዋል። የባለጸጋው ልጅ ከዘበኛው ልጅ ጎን ተቀምጦ ሲማር አገሩን ያውቃል፤ ብቻውን ቢቀመጥ ግን የሚያውቀው ግቢውን ብቻ ነው።

አባ ሳሙኤል በሐረማያ የሰጠሙት ለአንድ መኰንን ልጅ መምህር ሆነው ሳለ ነው፤ ከእርሳቸው በፊትና በኋላ የነበሩት ስማቸው ያልተጻፈላቸው መምህራን ደግሞ በየገጠሩ ለገበሬና ለእረኛ ልጅ ፊደል ሲያስቈጥሩ አርጅተው ሞተዋል። የሁለቱም ሥራ አንድ ነበር፤ የልጁን አባት ማንነት አልጠየቁም። የካቶሊክ ትምህርት ቤቶች የወደፊት ዕድል የሚለካው ስንት ተማሪ ወደ ዩኒቨርሲቲ አስገቡ በሚለው ብቻ አይደለም። በመጪው መስከረም ክፍሉ ሲከፈት ከተቀመጡት ልጆች መካከል አባቱ መክፈል ያልቻለ ልጅ ይገኛል ወይ? የሚለውም አብሮ መጠየቅ አለበት። እርሱ ካለ ትምህርት ቤቱ የጥንቱ ትምህርት ቤት ነው፤ እርሱ ከሌለ ግን ስሙ ብቻ ቀርቷል።