ያደረ ሩዝና የቆላ ሙቀት

ሩዝ ዛሬ በከተማ ቤተሰብ ማዕድ ላይ የተለመደ ምግብ ሆኗል። ቶሎ ይደርሳል፤ ልጆች ይወዱታል፤ በአርባ ምንጭም ከአባያና ከጫሞ ሐይቆች ከሚወጣው ዓሣ ጋር ይስማማል። ከሥራ መልስ ለምትቸኩል እናት ጊዜ ይቆጥብላታል። ይሁን እንጂ ሩዙ ከማዕድ ከተነሣ በኋላ የሚደረግለት አያያዝ ብዙ ጊዜ ሳይታሰብበት ያልፋል።

አንዳንድ እናቶች «ነገ በደንብ ካሞቅሁት ምን ይሆናል?» በማለት የተረፈውን ሩዝ ከነድስቱ ያሳድሩታል። ይህ አስተሳሰብ መታረም ይኖርበታል። ባሲለስ ሴሪየስ የተባለው ባክቴሪያ በአፈር ውስጥ የሚኖር ሲሆን፣ ከእህሉ ጋር ወደ ድስት ይገባል። ስፖር የሚባሉት ጠንካራ ሽፋን ያላቸው ዘሮቹ ሩዙ ሲቀቀል አይሞቱም። ሩዙ ለብ እንዳለ ሲቆይ ዘሮቹ ነቅተው ይራባሉ፤ መርዝም ያመነጫሉ። ትውከት የሚያስከትለው መርዝ ሙቀትን ስለሚቋቋም መልሶ በማፍላት አይጠፋም። የሩዙ ሽታና ጣዕምም ላይለወጥ ይችላል።

ለባክቴሪያ መራባት የሚያሰጋው ሙቀት ከ5 እስከ 60 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያለው ነው። በአርባ ምንጭ የቀኑ ሙቀት ብዙ ጊዜ 30 ዲግሪ ይደርሳል፤ ሌሊቱም ድስት የሚያቀዘቅዝ አይደለም። ስለሆነም ከጨንቻ ደጋ ወርዳ በሲቀላ ወይም በሴቻ ጎጆ የቀለሰች እናት፣ በብርድ አገር የለመደችውን ምግብ የማሳደር ልማድ እዚህ ልትቀጥልበት አይገባም። በደጋም ቢሆን የሌሊት ብርድ ማቀዝቀዣን አይተካም። ቆጮና እንጀራ በመቡካታቸው የሚያገኙት ኮምጣጣነት የተወሰነ መከላከያ ይሆናቸዋል። የተቀቀለ ሩዝ ግን እርጥብ እንጂ ኮምጣጣ ባለመሆኑ እንደ እነርሱ ሊያድር አይችልም።

ስለዚህ የሚከተሉትን ልብ ማለት ይጠቅማል፦

1ኛ. ለአንድ ማዕድ የሚበቃውን ብቻ ለክቶ መቀቀል። ሩዝ ሲበስል ሦስት እጥፍ ያህል ይጨምራል።

2ኛ. የተረፈውን ወዲያው በንጹሕ ሰፊ ትሪ ላይ በስሱ ዘርግቶ ማቀዝቀዝ። በድስት ተከምሮ ከቀረ መሐሉ ለብዙ ሰዓት ሞቆ ይቆያል። ከዚያም በ1 ሰዓት ጊዜ ውስጥ ከድኖ ማቀዝቀዣ ውስጥ ማስገባትና በ24 ሰዓት ውስጥ መጨረስ።

3ኛ. ሲሞቅ ጥቂት ውሃ ጠብ አድርጎ፣ እያገላበጡ፣ ሁሉም እንፋሎት እስኪወጣው ማሞቅ። ሁለተኛ ጊዜ ማሞቅ አይገባም።

4ኛ. ማቀዝቀዣ በሌለበት ቤት ወይም መብራት ከ4 ሰዓት በላይ በጠፋበት ቀን ሩዝ አለማሳደር።

5ኛ. ጠዋት በምሳ ዕቃ የተቋጠረ ሩዝ እስከ ቀትር ለብ ብሎ ስለሚቆይ፣ ለተማሪውም ለሠራተኛውም ዳቦ፣ ቂጣና የአካባቢው ሙዝ ይመረጣል።

ሕመሙ በሁለት መልክ ይታያል። ትውከቱ ምግቡ ከተበላ ከግማሽ ሰዓት እስከ 6 ሰዓት፣ ተቅማጡ ደግሞ ከ6 እስከ 15 ሰዓት ባለው ጊዜ ይጀምራል። አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ቀን ይተዋል። ሕፃናትን ግን የሰውነታቸው ውሃ ቶሎ ስለሚያልቅ ሊጎዳቸው ይችላል። በዚህ ጊዜ ሕይወት አድን ንጥረ ነገር በጥቅሉ ላይ በተጻፈው መጠን በንጹሕ ውሃ በጥብጦ ጥቂት በጥቂቱ ማጠጣት ያስፈልጋል። ጡት የሚጠባውንም ማጥባት መቀጠል ነው። ዓይኑ ከሰረጎደ፣ ሽንቱ ካነሰ ወይም ከፈዘዘ ሳይውል ሳያድር ወደ ጤና ጣቢያ መውሰድ ይገባል።

በገንዘብ የተገዛ ሩዝ መድፋት እናትን እንደሚከብዳት የታወቀ ነው። ነገር ግን አንድ ጭልፋ ሩዝ ለማትረፍ ሲባል ልጅ ቢታመም፣ የመድኃኒቱ ወጪና ከሥራ መቅረቱ ከሩዙ ዋጋ እጅግ ይበልጣል። ታሞ ከመማቀቅ አስቀድሞ መጠንቀቅ የተባለው ለዚህ ነውና፣ ሌሊቱን በድስት ያደረ ሩዝ ለልጅ ቁርስ አይቅረብ።