የስዊስ ሰዓት አንድ አዳኝ አልነበረውም

የስዊዘርላንድ ሰዓት ሥራ ሊሞት ሲያጣጥር፣ ኒኮላስ ሃይክ የሚባል ቤይሩት የተወለደ ነጋዴ ብቻውን ነፍስ ዘራበት። በየሥራ ፈጠራ ሥልጠናው የሚተረከው ይኸው ነው። እኔ ይህን ተረክ አልቀበለውም፤ ሃይክ ትንሽ ሰው ስለነበር ሳይሆን ተረኩ የሌሎችን ድካም ስለሚበላ ነው።

እስቲ ዓመታቱን እንያቸው፤ ሁሉም እ.ኤ.አ. ናቸው። ስዋች የተባለውን የፕላስቲክ ሰዓት ኤልማር ሞክና ዣክ ሙለር የተባሉ መሐንዲሶች የነደፉት በ1980 ነበር። አለቃቸው ኤርንስት ቶምክ ሐሳቡን ይዞ ገፋበት። ሰዓቱ ማርች 1 ቀን 1983 ለገበያ ቀረበ። ሃይክ ከሌሎች ባለሀብቶች ጋር ሰዓቱን የሚሠራውን ኩባንያ አብላጫ ድርሻ የያዘው ግን በ1985 ነው፤ ከዚያ በፊት አበዳሪ ባንኮች የሚያማክሩት ባለሙያ ነበር። ልጁ ተወልዶ መራመድ ከጀመረ በኋላ የመጣን ሰው አባት ማለት እንዴት ይሆናል? አሳዳጊ ቢባል ይገባዋል። እየሰመጡ የነበሩት ሁለቱ ግዙፍ የሰዓት ኩባንያዎች እንዲዋሐዱ መክሯል፣ የራሱን ገንዘብ አስይዟል፣ ርካሽ ሰዓት እዚያው ስዊዘርላንድ ይሠራ ብሎ ጸንቷል። ይህን ማንም አይነፍገውም።

ተረኩ ስለ ችግሩ መነሻም ያሳስታል። የጃፓኑ ሴይኮ በ1969 መጨረሻ በባትሪ የሚሠራ የኳርትዝ ሰዓት ሲያወጣ ስዊሶች ተኝተው ነበር ይባላል። የስዊዘርላንዷ ኑሻቴል ከተማ ቤተ ሙከራ እኮ የኳርትዝ የእጅ ሰዓት ናሙና በ1967 ሠርቶ ነበር! እውቀቱ በእጃቸው ነበር፤ ወደ ፋብሪካ ለማውረድ የዘገዩት አለቆቹ ናቸው። በ1970ዎቹ የዶላር መውደቅ ደግሞ የስዊስ ዕቃን በውጭ ገበያ አስወደደው። ዕዳውን የከፈለው ሠራተኛው ነው። በ1970 ወደ 90,000 ይጠጋ የነበረው የሰዓት ሠራተኛ ቁጥር በ1980ዎቹ አጋማሽ ወደ 30,000 ገደማ ወረደ። የጀግናው ታሪክ ሲነገር እነዚህን ሰዎች የሚያነሳ አልሰማሁም።

ደግሞስ የዳነው ምኑ ነው? ስዋች 51 ክፍሎች ብቻ ነበሩት፤ ማሽን ይገጣጥመዋል፣ ቀፎው ይታሸጋል። ሲበላሽ ባትሪ ከመቀየር ያለፈ ጥገና አልታሰበለትም። ኩባንያውን አትርፎታል፤ አጉሊ መነጽር ዓይኑ ላይ አድርጎ ጥቃቅን ጥርሶችን ሲያቃና ለኖረው ባለሙያ ግን ሙያውን አላዳነለትም።

ሙያውን ያቆዩት ሌሎች ናቸው። ለ-ሎክል በተባለችው ከተማ በሚገኘው ዜኒት ፋብሪካ፣ በ1975 አሜሪካውያኑ ባለቤቶች እየተሞላ የሚሠራው ሰዓት ቀርቶ በኳርትዝ ይተካ፣ መሣሪያዎቹም ይወገዱ ብለው አዘዙ። ሻርል ቬርሞ የተባለ ሠራተኛ ለመናቸው፤ አልሰሙትም። እሱም ኤል ፕሪሜሮ የተባለው የሰዓት ሞተር የሚሠራባቸውን መሣሪያዎች ጣሪያ ሥር ባለ ክፍል ደበቀ፤ የእያንዳንዱን ምንነትና ቦታ በማስታወሻ ጻፈ። በ1984 ፋብሪካው ሞተሩን እንደገና መሥራት ሲፈልግ መሣሪያዎቹ እዚያው ተገኙ። ጥቂት ቆይቶ ሮሌክስ ሳይቀር ለዴይቶና ሰዓቱ የገዛው ያንኑ ሞተር ነው። ለሠልጣኞቻችን ስለ ሃይክ የሚተርክ ሰው የቬርሞንም ስም ይጥራ።